ሁለተኛው ጥሪ

«ሻፍት ኢን አፍሪካ» የተባለው ፊልም በ1973 ሲወጣ በተዋንያኑ ዝርዝር ውስጥ ሁለት ስሞች አንድ ላይ ሰፈሩ። አንዱ ደበበ እሸቱ ነው፤ ዋሳ የተባለውን ሰው ሆኖ የተጫወተው። ሌላው አልዶ ሳምብሬል ነው፤ አንጄሎ ሆኖ ብቅ ያለ ስፔናዊ። በፖስተሩ ላይ የሚጎላው የሪቻርድ ራውንድትሪ ስም ነው፣ ሰውም ትኬት የሚቆርጠው ለእሱ ነው። እኔ ግን ከልጅነቴ ጀምሮ ዓይኔ የሚሄደው ከመሪው ተዋናይ ጀርባ ወደቆሙት ነው፤ በሩን ወደሚከፍተው፣ መልእክት ወደሚያደርሰው፣ ተተኩሶበት ወደሚወድቀው ሰው። ስለ እነዚህ ሰዎች ሙያ ነው መጻፍ የምፈልገው። ዓመታቱን በፈረንጅ አቆጣጠር አድርጌአቸዋለሁ፤ ጅቡቲ ከተማ ተወልጄ ያደግሁ ነኝና የለመድሁት እሱን ነው።

ሳምብሬል በ1931 ማድሪድ ውስጥ ተወለደ። የትውልድ ስሙ አልፍሬዶ ሳንቼዝ ብሬል ነው። ወጣትነቱን ሜክሲኮ አሳለፈ፣ እዚያም በክለብ ደረጃ ኳስ ተጫውቷል። ወደ አገሩ ተመልሶ ፊልም ውስጥ ሲገባ ማንም መሪ ተዋናይ ሊያደርገው አላሰበም። ፊቱ ጠቆር ያለ፣ ጉንጩ የጎደጎደ፣ ዓይኑ የማያምኑት ዓይነት ነበር። ጣሊያናዊው ሰርጂዮ ሊዮኔ በ1964 ክሊንት ኢስትውድን ይዞ የመጀመሪያውን የካውቦይ ፊልሙን ሲሠራ ሳምብሬል ከሽፍቶቹ መካከል አንዱ ሆነ። በ1965 ሊዮኔ ሁለተኛውን ሲሠራ እንደገና ጠራው። በ1966 ሦስተኛውን ሲሠራም እንደዚሁ። በ1968ቱ «ዋንስ አፖን ኤ ታይም ኢን ዘ ዌስት» ውስጥም አለ። በ1966 ሰርጂዮ ኮርቡቺ «ናቫሆ ጆ»ን ሲያዘጋጅ ደግሞ የወንበዴዎቹን አለቃ ዳንካንን ሰጠው፤ ከበርት ሬይኖልድስ ፊት ለፊት የቆመው እሱ ነው። በመጨረሻ የሠራቸው ፊልሞች ከ150 በላይ ሆኑ።

እነዚህን ፊልሞች ያየሁት እዚሁ ጅቡቲ ከተማ ነው። ያን ጊዜ አገሩ ገና የአፋርና የኢሳ የፈረንሳይ ግዛት ይባል ነበር፣ ነፃነቱ የመጣው በሰኔ 1977 ነው። አባቴ የምድር ባቡር ሠራተኛ ነበር፤ ዋጎን ይጠግናል። እኛ የባቡር ሠራተኞች ልጆች ሲኒማ የምንሄደው ደመወዝ በወጣ ሰሞን ነው። ኦዴዎን እና ኦሎምፒያ የሚባሉትን ሲኒማ ቤቶች የኔ ዕድሜ ሰው ሁሉ ያስታውሳቸዋል። ቀን ሙቀቱ ሰው ከቤት አያስወጣም፤ ማታ ግን ከባሕር ንፋስ ሲነፍስ ከተማው በሙሉ የሚወጣ ይመስላል። ኦቾሎኒ በወረቀት ተጠቅልሎ ይገዛል። ከፊት የሚቀመጡት ልጆች ናቸው፣ ከኋላ ወታደሮች፣ መሐል ላይ ቤተሰብ ያላቸው።

ከፊልሙ በኋላ ሰፈር ተመልሰን የምንጫወተው ያንኑ ነበር። ክሊንት ኢስትውድን መሆን የሚፈልግ አይጠፋም፤ ሲጋራ የሚመስል እንጨት ጥርሱ ውስጥ ይከትትና ዝም ብሎ ይቆማል። ከባዱ ሥራ መውደቅ ነበር። ጥይት ደረቱን እንደመታው ሰው ወደ ኋላ መንገዳገድ፣ ተንበርክኮ ትንሽ መቆየት፣ ከዚያ በግንባር መደፋት። ይህን የምንማረው ከሳምብሬል ነበር፣ ምክንያቱም በየፊልሙ ይሞታል። ስሙን አናውቅም ነበር። «ያ የሚሞተው» እንለዋለን። በአንድ ፊልም ሞቶ በሚቀጥለው ሳምንት በሌላ ፊልም ፈረስ ላይ ሆኖ ሲመጣ ልጆቹ ሁሉ ያጨበጭቡለት ነበር። ለኢስትውድ ያን ያህል የተጨበጨበ አይመስለኝም።

ለምን እንደዚያ እንደነበረ ቆይቶ ነው የገባኝ። የጣሊያን የካውቦይ ፊልሞች ሲቀረጹ ተዋናዩ ሁሉ በየራሱ ቋንቋ ይናገር ነበር። አሜሪካዊው በእንግሊዝኛ፣ ጣሊያኑ በጣሊያንኛ፣ ስፔናዊው በስፓኒሽ። ድምፁ በኋላ ስቱዲዮ ውስጥ ይለጠፍበታል። ስለዚህ ለትንሽ ሚና የሚመረጠው ሰው የሚመረጠው በፊቱ፣ በአቋሙና በአካሄዱ ነው። እኛ ደግሞ በአንድ አግዳሚ ወንበር ላይ ሱማሌኛ፣ አፋርኛ፣ ዓረብኛ፣ አማርኛና ፈረንሳይኛ የሚናገር ሰው ተደባልቆ የምንቀመጥ ነበርን። ፊልሙ በፈረንሳይኛ ሲወራ ግማሹ ተመልካች አይሰማውም። ሳምብሬል በር ላይ ቆሞ ዓይኑን ሲያጠብ ግን ምን ሊሆን እንደሆነ ለማንም ማስተርጎም አያስፈልግም። ፌርናንዶ ሳንቾም እንደዚሁ ነበር፤ ሆዱ የገፋ፣ ጢሙ የተንዠረገገ፣ ሲስቅ ሲኒማ ቤቱ አብሮት የሚስቅ። በ1965ቱ የ«ሪንጎ» ፊልሞች ውስጥ የሜክሲኮ ሽፍታ ነው። በ1962ቱ «ሎውረንስ ኦፍ አረቢያ» ውስጥ ደግሞ የቱርክ ሳጅን ሆኖ ይታያል። ዛራጎዛ ውስጥ በ1916 ተወልዶ በ1990 እስኪሞት ድረስ ከ200 በላይ ፊልሞች ሠርቷል።

ከ150 በላይ፣ ከ200 በላይ። እነዚህን ቁጥሮች ደጋግሜ አስቤባቸዋለሁ። ሳምብሬልና ሳንቾ ጎበዞች ነበሩ፣ ይህን አልጠራጠርም። ግን በጉብዝና ብቻ ሰው ይህን ያህል ጊዜ አይጠራም። ምክንያቱ አልሜሪያ ነው፤ በደቡብ ስፔን ያለው የታቤርናስ በረሃ። ዴቪድ ሊን «ሎውረንስ»ን ለመቅረጽ ሄዶበታል፣ የአቃባን ከተማም እዚያው ባሕር ዳር ላይ በእንጨትና በልስን ሠርቶ ነው ያፈረሰው። ሊዮኔ ተከተለ። ለመጀመሪያው ፊልሙ ያለው ገንዘብ 200,000 ዶላር ያህል ብቻ ነበር፣ ኢስትውድም የወሰደው 15,000 ዶላር ነው። ርካሽ አገር፣ ብዙ ፀሐይ፣ ቴክሳስን የሚመስል መሬት። ፊልሙ ገንዘብ ሲያመጣ ሌሎቹ ጎረፉ። ለአንዱ ፊልም የተሠራው የእንጨት ከተማ ሳይፈርስ ሌላው ይገባበታል። ፈረስ የሚያከራየው እዚያው ነው፣ ልብስ ሰፊዋ እዚያው ናት፣ ከፈረስ መውደቅ የሚችለው ሰው እዚያው ሰፈር ይኖራል። አዘጋጁ «ትናንት የወደቀልንን ሰውዬ ጥሩልኝ» ሲል ሰውዬው በሰዓት ውስጥ ይደርሳል። ሙያ የሚፈጠረው በዚህ ነው። የመጀመሪያው ጥሪ ዕድል ሊሆን ይችላል። ሰውን ባለሙያ የሚያደርገው ሁለተኛው ነው፤ ከዚያ ሦስተኛው፣ አሥረኛው።

እንግዲህ ወደ ደበበ ልመለስ። ደበበ እሸቱ ፊልም ላይ በአጋጣሚ የተገኘ ሰው አልነበረም። ከወጋየሁ ንጋቱ ጋር ሃንጋሪ ተልኮ ቴአትር የተማረ፣ በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዩኒቨርሲቲ የኪነ ጥበባት ማዕከል የሠራ፣ መድረክ ላይ ያደገ ተዋናይ ነው። የአሜሪካው ፊልም ኩባንያ ኤም ጂ ኤም የሻፍትን ሦስተኛ ፊልም ለመሥራት ጆን ጊለርሚን የተባለውን አዘጋጅ ይዞ ኢትዮጵያ ሲመጣ የተዘጋጀ ሰው አገኘ። ፊልሙን ያየ ልብ ይላል፤ ደበበ ካሜራ ፊት አይቸኩልም። ሌላው ሲናገር ያዳምጣል። ትንሽ ሚና ላይ ይህ ትልቅ ነገር ነው፤ ብዙ ሰው የተሰጠችውን አንዲት ዓረፍተ ነገር ለመናገር ተራውን ሲጠብቅ ፊቱ ላይ ይታወቅበታል።

ታሪኩ ስለ ሰው አዘዋዋሪዎች ነው። ከአፍሪካ ወጣቶችን ሰብስበው ወደ ፓሪስ እያሻገሩ ጉልበታቸውን የሚበሉ ሰዎችን ለመያዝ ሻፍት የተባለው የኒው ዮርክ መርማሪ ስደተኛ መስሎ ከስደተኞቹ ጋር ይቀላቀላል። እኔ ባለሁበት ከተማ ይህን ታሪክ ማንም እንደ ተረት አያየውም። ከዚህ ወጣ ብሎ በታጁራና በኦቦክ መንገድ ዳር ወጣቶቻችን በፀሐይ ሲጓዙ ዛሬም ይታያሉ፤ ጀልባ ጠብቀው ወደ የመን ለመሻገር። ፊልሙ የነሱን ችግር መሐል ላይ አስቀምጧል፣ መሪ ሆኖ የሚጓዘው ግን ከኒው ዮርክ የመጣው ሰው ነው። ስደተኞቹ ከጀርባው ይሄዳሉ። በዚያ ዘመን ሌላ ዓይነት ፊልም ሊሠራ አይችልም ነበር ይሉኛል አንዳንዶች። ይሁን። እኔ የሚቆጨኝ ከዚያ በኋላ የሆነው ነው። ፊልሙ በ1973 ወጣ፤ በ1974 አብዮቱ ፈነዳ። የሆሊውድ ካምፓኒ ኢትዮጵያ ውስጥ ድንኳን የሚተክልበት ዘመን አከተመ ማለት ይቻላል። አልሜሪያ ላይ ሁለተኛው ጥሪ በሳምንት ይመጣ ነበር። አዲስ አበባ ላይ ስልኩ ዝም አለ።

በዚሁ ፊልም ዝርዝር ውስጥ ዘነበች ታደሰ የሚል ስምም አለ። ከስሟ ፊት ለፊት የተጻፈው ሚና የሰው ስም የለውም፣ «ሴተኛ አዳሪዋ» ይላል፣ በቃ። ይህን ሳይ ሁልጊዜ ቅር ይለኛል። ጸሐፊው ለዚያች ሴት ስም ለማውጣት አንድ ደቂቃ አላጠፋም። ተዋናይዋ ግን ስም ለሌለው ሰው ፊት ሰጥታለች።

ከ26 ዓመት በኋላ እዚሁ ጅቡቲ ተመሳሳይ ነገር ሆነ፣ በተወሰነ መልኩ ተሻሽሎ። ፈረንሳዊቷ ክሌር ደኒ «ቦ ትራቫይ» የተባለውን ፊልም በከተማችንና በዙሪያው ባለው በረሃ ቀረጸች፤ በ1999 ቬኒስ ላይ ታየ። ታሪኩ ስለ ፈረንሳይ የውጭ ዜጎች ሌጅዮን ወታደሮች ነው። ጋሉ የተባለው የበታች አዛዥ በአንድ ወጣት ወታደር ይቀናል፣ በመጨረሻም የተበላሸ ኮምፓስ አሲዞ በረሃ ውስጥ ይጥለዋል። ዴኒ ላቫን ጋሉን፣ ሚሼል ሱቦር ኮማንደሩን፣ ግሬጓር ኮለን ወጣቱን ሆነው ተጫውተዋል። በጋሉ ሕይወት ውስጥ አንዲት ሴት አለች፤ ራሔል። ራሔልን የተጫወተችው ማርታ ታፈሰ ካሳ ናት።

ፊልሙን እዚህ ሰፈር ሽሮ ቤት ላላት ጎረቤቴ በስልኬ አሳይቻት ነበር። እጇን በመቀነቷ ጠርጋ ወንበር ስባ ተቀመጠች። ፊልሙ ገና ሲጀምር የታርካን የቱርክ ዘፈን እየጮኸ ሴቶች ክለብ ውስጥ ይጨፍራሉ። ጥቂት አየችና ጣቷን መስታወቱ ላይ አሳረፈች።

«ጋሼ፣ ይቺ ልጅ የኛ አይደለችም?»

«የኛ ናት።»

«ታዲያ ለምን አትናገርም?»

«ትንሽ ነው የሰጧት።»

«ትንሽ ይሁን። ሰውዬውን ስታየው እኮ ሁሉንም ነገር አውቃለች።»

ስለ ማርታ ታፈሰ ትወና ከዚህ የተሻለ አስተያየት አንብቤ አላውቅም። ጋሉ ራሱን የሚያይ፣ የሚጠብቅ፣ ለራሱ የሚያዝን ሰው ነው። ራሔል ግን በየትዕይንቱ እሱን ነው የምታየው፤ ዳንስ ቦታው ላይ ሆና እንኳ። ንግግር ሳይሰጣት ለፊልሙ ያንን ሰው የሚመዝን ዓይን ሰጥታዋለች። እሷ ባትኖር ጋሉ ብቸኛ መሆኑን በምን እናውቃለን? ከፊልሙ ብዙ ዓመታት በፊት ጀምሮ «የኢትዮጵያ መንገድ» በሚባለው የከተማችን ጎዳና ዙሪያ ባሉት የምሽት ቤቶች የሀገራችን ልጆች ሠርተዋል። ወታደሩ ሁሉ መጥቶ ሄዷል፣ ሌጅዮኑም 13ኛ ግማሽ ብርጌዱን በ2011 ከጅቡቲ አንሥቷል። ስለ እነዚያ ሴቶች ሰው ሲያወራ ብዙ ጊዜ በክፉ ነው። በፊልሙ ውስጥ ግን አንዷ ስም አላት፣ ክብር አላት፣ ተመልካቹም ይከተላታል። ከ1973ቱ ስም የለሽ ሴት እስከ ራሔል ድረስ ያለው መንገድ አጭር አይደለም።

በ2022 «ሳይት ኤንድ ሳውንድ» የተባለው የእንግሊዝ መጽሔት የዓለምን ሃያስያን አስመርጦ የምንጊዜም ምርጥ ፊልሞችን ሲደረድር «ቦ ትራቫይ» ሰባተኛ ወጣ። በዓለም ሰባተኛ! በዚያ ሰሞን እዚህ ከተማ አንድ የመታሰቢያ ጽሑፍ እንኳ ግድግዳ ላይ ይለጠፋል ብዬ ጠብቄ ነበር። በየአገሩ የተጻፈውን ሳነብ ስለ ላቫን የመጨረሻ ዳንስ፣ ስለ አኜስ ጎዳር ካሜራ፣ ስለ ጨዋማው አሳል ሐይቅ ገጽ በገጽ ተጽፏል። በጨው ላይ የወደቀውን ወጣት ስለሚያነሡት የአካባቢው ሰዎች ግን ሁለት መስመር ማግኘት ይቸግራል። እነሱ ባይመጡ ወጣቱ ሞቷል፣ ፊልሙም ሌላ ፊልም ይሆን ነበር።

ደበበን በተመለከተ ጥሪው የመጣው ከሩቅ ነው፣ ዘግይቶም ነው። ከመሐል ያሉትን ዓመታት መድረክ ላይ አሳልፏል፣ ፖለቲካም ገብቶ በ2005ቱ ምርጫ ማግስት ከተቃዋሚው ቅንጅት ሰዎች ጋር ታስሯል። በ2014 ግን ኢትዮጵያ የተወለደው እስራኤላዊ ባዚ ጌቴ «ቀይ ቅጠሎች» የተባለውን ፊልሙን ሲሠራ መሪውን ሚና ሰጠው። ሚስቱ የሞተችበት የ74 ዓመት ቤተ እስራኤል ሽማግሌ ነው። ቤቱን ሸጦ በየልጆቹ ቤት ሊኖር ይነሣል፣ የትም ግን አይመቸውም። የሼክስፒርን ንጉሥ ሊር ያነበበ ሰው ታሪኩን ከሩቅ ያውቀዋል። ያን ፊልም ስመለከት ያየሁት ትንሽ ሚና ውስጥ ማዳመጥን የተማረ ሰው ነው። ሽማግሌው ከልጆቹ ጋር ማዕድ ላይ ተቀምጦ ወሬያቸው በዕብራይስጥ ሲያመልጠው ደበበ ምንም አይሠራም፤ ይሰማል ብቻ። ከዋሳ እስከዚህ ሽማግሌ 41 ዓመት ነው። ሳምብሬል በ41 ዓመት ስንት ጊዜ ተጠራ!

ቴሌቪዥን ይህን ነገር በከፊል ለውጦታል። የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን በ1964 ሥራ ሲጀምር ድራማው ጥቂት ነበር፣ ጅቡቲም አይደርስም። በሳተላይት ዘመን ግን ዲሹ ጣሪያ ላይ ከተሰቀለ አዲስ አበባ እዚህ ናት። «ሰው ለሰው» የተባለው ድራማ በሚተላለፍበት ጊዜ አበበ ባልቻ የተጫወተውን አስናቀን የማይረግም ሐበሻ በዚህ ከተማ አልነበረም። ክፉ ሰው ሆኖ በየሳምንቱ እየተመለሰ፣ በየሳምንቱ ሌላ ነገር እየጨመረበት፣ ተመልካቹ እየጠላውም እየጠበቀውም። ሱማሌ ጎረቤቶቻችን አማርኛውን ሳይሰሙ እሱ ሲገባ «ይሄ መጣ!» ይሉ ነበር። የልጅነቴ ኦዴዎን ትዝ ያለኝ ያን ጊዜ ነው። ተከታታይ ድራማ አንድን ተዋናይ በአንድ ሚና ለዓመታት ይጠራዋል፤ አልሜሪያ ለሳምብሬል ያደረገችውን ሌላ መንገድ ይዞ ያደርግለታል።

ሳምብሬል በሐምሌ 2010 አሊካንቴ ውስጥ ሞተ። «ሻፍት ኢን አፍሪካ» ላይ አለሜን ሆና የተጫወተችው ቮኔታ ማክጊም በዚያው ሳምንት አረፈች። የሁለቱን ዜና ዕረፍት ባነበብሁበት ሰሞን እዚህ ከተማ እንደገና ፊልም የሚቀረጽበት ቀን ይመጣል ብዬ አላሰብሁም ነበር። ሆኖም መጣ። ሱማሌ ፊንላንዳዊው ካዳር አይደሩስ አህመድ «የመቃብር ቆፋሪው ሚስት» የሚለውን ፊልሙን እዚህ ቀረጸ። በ2021 ካን ላይ ታየ፣ በዚያው ዓመት ጥቅምት ወር ዋጋዱጉ ላይ የፌስፓኮ ፊልም ፌስቲቫልን ትልቁን ሽልማት፣ የየኔንጋን የወርቅ ፈረስ፣ ወሰደ። ጉሌድ የተባለው ሰው አካፋውን ይዞ ሆስፒታል በር ላይ ከጓደኞቹ ጋር ሬሳ ይጠብቃል፤ ሚስቱ ናስራ ታማለች፣ ለማሳከሚያ ገንዘብ የለውም። ኦማር አብዲ እና ያስሚን ዋርሳሜ መሪዎቹ ናቸው። ልጃቸውን ማሃድን ካዳር አብዱልአዚዝ ኢብራሂም ተጫውቶታል።

ይህ ፊልም ከፊተኞቹ የሚለይበትን ነገር የተረዳሁት የሆስፒታሉን በር ትዕይንቶች ሳይ ነው። አካፋ የያዙት ሰዎች ቁጭ ብለው ይቀላለዳሉ፣ አምቡላንስ ሲመጣ ሁሉም አንድ ላይ ይነሣሉ። እዚያ ጀርባ ላይ የቆመ ሰው የለም። ካሜራው በእያንዳንዱ ፊት ላይ ጊዜ ይወስዳል፣ ቀልዱንም እስከ መጨረሻው ያስጨርሰዋል። ሱማሌኛው የሰፈር ሱማሌኛ ነው፣ ማንም ድምፅ አልለጠፈበትም። ከመሪዎቹ ጀርባ የሚቆሙትም ከመሪዎቹ ጋር በአንድ ቋንቋ የሚቀልዱበት ፊልም በዚህ ከተማ ያየሁት ያንን ነው። አሁን ይህች ከተማ በረሃ አላት፣ ባሕር አላት፣ ወደብ አላት፣ ከአዲስ አበባ ጋር በኤሌክትሪክ ባቡር ተገናኝታለች። ታቤርናስ ከ1962 በፊት ከዚህ የበለጠ አልነበራትም። ማሃድን የተጫወተውን ልጅ፣ እነዚያን አካፋ የያዙ ሰዎች፣ ሽሮ ቤት ያለችውን ጎረቤቴን ጨምሮ ካሜራ ፊት መቆም የሚችሉትን ሁሉ ስም ከነስልካቸው የሚይዝ አንድ መዝገብ እዚህ ከተማ መከፈት አለበት። ቀጣዩ አዘጋጅ ናጋድ ባቡር ጣቢያ ሲወርድ ማንን ጥሩልኝ ማለት እንዳለበት እንዲያውቅ።